ጨረር ወይስ ቀዶ ጥገና? ካንሰር አከርካሪ ላይ ሲደርስ

ጥያቄ፦ «ዶክተር፣ ጤና ይስጥልኝ። እናቴ 61 ዓመቷ ነው፤ አዲስ አበባ ነው የምትኖረው። እኔ ሜሪላንድ ነኝ። ከአምስት ዓመት በፊት የጡት ካንሰር ነበረባት። ጡቷ ተነስቶ፣ ኬሞ ወስዳ ዳነች ተባልን። ታሞክሲፈን የሚባለውን፣ ካንሰሩ እንዳይመለስ የሚወሰደውን ክኒን ጀምራ ሁለት ዓመት ሳይሞላት አቆመችው። ከአራት ወር ወዲህ መሃል ጀርባዋን ያማታል። ብርድ ነው ብላ ወጌሻ ጋ ስትታሽ ቆየች። አሁን በኤምአርአይ ስምንተኛው የደረት አከርካሪ ተቦርቡሮ ከግማሽ በላይ ደቋል፣ ጀርባዋ በዚያ በኩል ጎብጧል፣ ሕብለ ሰረሰሯንም እየተጫነ ነው ተባለ። ስትተኛ ይሻላታል፤ ስትነሳና ስትገላበጥ ግን ትጮኻለች። ከሳምንት ወዲህ እግሬ ከበደኝ ትላለች፤ ተደግፋ ትሄዳለች። አንዱ ሐኪም ጨረር ይበቃታል አለ። ሌላው ቀዶ ጥገና ካልተሠራች ሽባ ትሆናለች አለ። ማንን እንመን? ህንድ ልንወስዳት ፕሮሰስ ጀምረናል፣ ሦስት ሳምንት ይፈጃል። ካንሰሩ እንደተመለሰ ለእሷ አልነገርናትም። ደግሞስ ጨረር ከወሰደች የወንድሜ ልጆች አጠገቧ መተኛት ይችላሉ?»

መልስ፦

እህቴ፣ ሌላውን ከማንበብሽ በፊት ለወንድምሽ ደውዪ። ከጻፍሽው ሁሉ እኔን ያስደነገጠኝ ካንሰር የሚለው ቃል አይደለም። «ከሳምንት ወዲህ እግሬ ከበደኝ» የሚለው ነው። እናትሽ ዛሬውኑ፣ ቢዘገይ ነገ ጠዋት፣ የአከርካሪ ወይም የነርቭ ቀዶ ሐኪም ባለበት ሆስፒታል ድንገተኛ ክፍል መታየት አለባቸው። ቀጠሮ አይጠበቅም። የኤምአርአዩን ሲዲ ይዘው ይሂዱ፤ ወረቀቱ ብቻውን ለቀዶ ሐኪም ብዙም አይነግረውም። ሽንት አልወርድ ካላቸው ወይም መቀመጫቸው አካባቢ መደንዘዝ ከጀመረ ደግሞ ሌሊትም ቢሆን አይደር።

ደወልሽ? እሺ። አሁን ቁጭ ብለን እናውራ።

መጀመሪያ ስለ ራሴ ልንገርሽ። እኔ የጨረር ሐኪም ነኝ። መዶሻ የያዘ ሰው ሁሉም ነገር ሚስማር ይመስለዋል እንደሚባለው፣ ለጨረር ባደላ አይፈረድብኝም። ቢሆንም ለእናትሽ፣ አቅማቸው ከቻለ፣ ቀዶ ጥገናው መቅደም አለበት ባይ ነኝ። ጨረሩም አይቀርም፤ ይከተላል። ለምን እንደዚያ እንደምል ነው ከዚህ በታች የምዘበዝብልሽ።

ሁለቱ ሐኪሞች የተጣሉ ይመስላል እንጂ አልተጣሉም። አንዱ ያየው ካንሰሩን ነው። ሌላው ያየው አጥንቱን ነው። የገጠር ቤት ታውቂያለሽ አይደል? የመሃል ምሰሶውን ምስጥ በላው እንበል። የምስጥ መድኃኒት ብትረጪበት ምስጡ ይሞታል። የተበላው እንጨት ግን ተመልሶ አይሞላም፤ ያዘነበለውም ጣሪያ እንዳዘነበለ ነው። በሌላ በኩል አዲስ እንጨት አምጥተሽ ብትደግፊው ጣሪያው ይቆማል። ምስጡ ግን እዚያው አለ፤ ቀስ ብሎ አዲሱንም ይጨርሰዋል። ጨረር የምስጡ መድኃኒት ነው። ቀዶ ጥገና ድጋፉ ነው። ስለዚህ የሚጠየቀው «የቱ ይሻላል» አይደለም። የእናትሽ ምሰሶ ምስጥ ብቻ ነው ያለበት ወይስ ቤቱም እየወደቀ ነው? ጥያቄው ይኼ ነው።

የደረት አከርካሪዎች 12 ናቸው። ስምንተኛው ከትከሻ አጥንት ጫፍ ትንሽ ዝቅ ብሎ ይገኛል። አከርካሪዎቹ ተደርድረው መሃላቸው ላይ ቱቦ ይሠራሉ፤ ሕብለ ሰረሰር፣ ማለትም ከአንጎል የሚወርደው ዋናው ነርቭ፣ የሚያልፈው በዚያ ቱቦ ነው። ደረት አካባቢ ቱቦው ጠባብ ነው። ትንሽ እብጠት ወይም የደቀቀ አጥንት ስባሪ ወደ ኋላ ቢገፋ ነርቩ የሚሸሽበት ቦታ የለውም። ታዲያ ካንሰር አከርካሪ ላይ ሲያርፍ አብዛኛውን ጊዜ የሚመርጠው ይህንኑ የደረቱን ክፍል ነው። የጡት፣ የፕሮስቴትና የሳንባ ካንሰር ዋነኞቹ እንግዶች ናቸው። ኦስካር ባትሰን የሚባል አሜሪካዊ የአናቶሚ መምህር እ.ኤ.አ. በ1940 አንዱን መንገድ አሳይቷል። በአከርካሪ ዙሪያ ያሉት የደም ሥሮች መዝጊያ ቫልቭ የላቸውም። ስናስልና ስናምጥ ደሙ በእነሱ ውስጥ ወደ ኋላ ይመለሳል፤ ከጡትና ከዳሌ አካባቢ የተነሳች የካንሰር ሕዋስም አብራ ትጓዛለች። እናትሽ ያደረጉት ወይም ያላደረጉት ነገር አይደለም ያመጣው። ታሞክሲፈኑን ባያቋርጡት ጥሩ ነበር፤ እሱ ግን አልፏል፤ አሁን አንስታችሁ አትውቀሷቸው።

እዚህ ላይ አንድ የሕክምና ታሪክ ልጨምርልሽ፤ ክርክሩ ከየት እንደመጣ ያሳይሻል። በፊት በፊት ቀዶ ሐኪሞች ነርቩ ሲጨመቅ ከጀርባ ገብተው የቱቦውን የኋላ ግድግዳ ያነሱ ነበር። ካንሰሩ ግን ብዙ ጊዜ ከፊት ነው ያለው፤ የአከርካሪው ግንድ ውስጥ። ከፊት በካንሰር ደቆ፣ ከኋላ በቢላዋ ተነስቶ፣ አጥንቱ ጭራሽ መቆሚያ ያጣ ነበር። ቀዶ ጥገና የተሠራለት ሰው በጨረር ብቻ ከታከመው አልተሻለም፤ አንዳንዱም ባሰበት። ስለዚህ ለብዙ ዓመታት «አከርካሪ ላይ የደረሰ ካንሰር? ጨረር ስጠው» የሚል ልማድ ነገሠ። እኔም ስማር ትላልቆቹ ሐኪሞች የሚያወሩት እንደዚያ ነበር።

ይህን የገለበጠው በአሜሪካ የኬንታኪው ሐኪም ሮይ ፓቸልና ባልደረቦቹ እ.ኤ.አ. በ2005 ያወጡት ጥናት ነው። 101 ታማሚዎችን በዕጣ ለሁለት ከፈሉ። አንዱ ቡድን ጨረር ብቻ ወሰደ። ሌላው ዕጢው ያለበት ቦታ በቀጥታ ተገብቶ ነርቩ ነፃ ከወጣና አጥንቱ በብረት ከተደገፈ በኋላ ያንኑ ጨረር ወሰደ። ከሕክምናው በኋላ መራመድ የቻሉት ከቀዶ ጥገናው ቡድን 84 በመቶ፣ ከጨረሩ ቡድን 57 በመቶ ነበሩ። ከሁሉ ይልቅ ዓይኔን የያዘው ሌላ ቁጥር ነው። ሲጀመር መራመድ ካቃታቸው ውስጥ በቀዶ ጥገናው 62 በመቶው ዳግመኛ ተራመዱ፤ በጨረር ብቻ 19 በመቶው። ልዩነቱ ጎልቶ ስለታየ ጥናቱ ከታቀደው በፊት እንዲቆም ተደረገ።

ግን ይህን ቁጥር ይዞ ሁሉንም ሰው ወደ ቀዶ ጥገና ክፍል መግፋት ስህተት ነው። ጥናቱ የወሰደው የተመረጡ ሰዎችን ነበር። ነርቩ በአንድ ቦታ ብቻ የተጨመቀ፣ እግሩ ሙሉ በሙሉ ከሸፈተ፣ ማለትም አልንቀሳቀስ ካለ፣ 48 ሰዓት ያላለፈው፣ ቢያንስ ሦስት ወር ይኖራል ተብሎ የሚገመት። እንደ ሊምፎማና ማየሎማ ያሉ፣ ከደም ሕዋሳት የሚነሱ፣ ለጨረር እንደ ቅቤ የሚቀልጡ ካንሰሮችም አልገቡበትም። እነሱ ላይ ጨረርና መድኃኒት ብቻውን ተአምር ይሠራል። የኩላሊት ካንሰርና ሜላኖማ የሚባለው የቆዳ ካንሰር ደግሞ ለተለመደው ጨረር ደንዳና ናቸው። የጡት ካንሰር ደህና ይሰማል። «ጨረር ይበቃታል» ያለው ሐኪም ያሰበው ይህን ሳይሆን አይቀርም፤ በዚህ በኩል ልክ ነው።

ያላሰበበት ምሰሶውን ነው። አከርካሪው ይቆማል ወይስ ይወድቃል የሚለውን ለመገመት የምንጠቀምበት የነጥብ አሰጣጥ አለ፤ እ.ኤ.አ. በ2010 ነው የወጣው፤ ከ18 ይያዛል። አንቺ ከጻፍሽው ተነስቼ እናትሽን ልደምርልሽ። የደረት አከርካሪ በጎድን አጥንት ስለተያዘ ቦታው 1 ነጥብ ብቻ ያስቆጥራል። ሲተኙ ተሻለኝ፣ ሲነሱ አመመኝ ማለታቸው 3 ነው፤ ይህ አጥንቱ ራሱ እየተላወሰ መሆኑን ነው የሚናገረው። ተቦርቡሯል የተባለው 2። ከግማሽ በላይ መድቀቁ 3። አዲስ የመጣው ጉብጠት 2። ድምሩ 11። የቀረኝ የአከርካሪው የኋላ ጎኖች ናቸው። አንዱ ጎን ብቻ ከተበላ 1፣ ሁለቱም ከተበሉ 3 ይጨመራል። እሱን ሲቲ ስካን ነው ቁልጭ አድርጎ የሚያሳየው። ከ7 ጀምሮ ቀዶ ሐኪም ማየት አለበት። 13 እና ከዚያ በላይ የማይቆም አጥንት ነው። እንግዲህ እናትሽ ወይ በሩ ላይ ናቸው ወይ ገብተዋል። እንዲህ ያለ አጥንት ላይ ጨረር ብቻ ብንሰጥ ካንሰሩ እየሞተ አጥንቱ ግን ሲነሱ ሲቀመጡ ነርቩ ላይ መውረዱን ይቀጥላል። ጨረር የወሰደ አጥንት መጠንከር የሚጀምረው ደግሞ ከወራት በኋላ ነው።

«ታዲያ ጨረሩን እንሞክረውና ካልሆነ ቀዶ ጥገና ብንሠራስ?» ትይኝ ይሆናል። ብዙ ቤተሰብ የሚለው ነው። የሚያጓጓ ሐሳብ ነው፤ ቢላዋ ማን ይወዳል? ችግሩ ጨረር የነካው ቆዳና ሥጋ ቶሎ አይሽርም። በቅርብ ጨረር በተሰጠበት ቦታ ላይ ሲቀደድ ቁስሉ የመመረዝና የመከፈት ዕድሉ በጣም ይጨምራል። ተራው ሲገለበጥ ነው የሚያምረው። መጀመሪያ ቀዶ ጥገና፣ ከዚያ ቁስሉ እስኪጠግ ከሁለት እስከ አራት ሳምንት፣ ከዚያ ጨረር። ሌላው ምክንያት እግራቸው ነው። በዚህ በሽታ ሕክምናው በጀመረበት ቀን የሚራመድ ሰው ከሕክምናው በኋላም የመራመድ ዕድሉ ትልቅ ነው። እግሩ ከሸፈተ በኋላ የሚመጣ ሰው ግን ብዙውን ጊዜ እንደተኛ ይቀራል። እናትሽ ዛሬ ተደግፈውም ቢሆን ይሄዳሉ። ይህ ወርቅ ነው።

ቀዶ ጥገናው ምን ይመስላል? ከጀርባ ነው የሚገባው። ከተጎዳው አከርካሪ በላይና በታች ባሉት ጤነኛ አጥንቶች ላይ ብሎን ይታሰርና በሁለት ዘንግ ይያያዛል። ከዚያ ነርቩን የያዘው ዕጢና ስባሪ ይለቀማል። ዕጢውን ሁሉ ጠርጎ ማውጣት አይደለም ዓላማው። ነርቩ ዙሪያ ጥቂት ሚሊሜትር ክፍተት ከተገኘ የቀረውን እኛ በጨረር እንጨርሰዋለን። ዘንጉ ታይታኒየም ቢሆን ይመረጣል፤ ከዚያ በኋላ ኤምአርአይ ሲነሳ ምስሉን ያን ያህል አያበላሽም። ሰዓታት የሚፈጅ ሥራ ነው። ደም ይፈሳል፤ ስለዚህ ምትክ ደም የሚሰጡ ዘመዶችን ከአሁኑ አዘጋጁ። ብሎንና ዘንጉን ከውጭ ግዙ ልትባሉም ትችላላችሁ፤ ዋጋውን አስቀድማችሁ ጠይቁ። አንቺም ከሜሪላንድ ልትረጂ የምትችዪው እዚህ ጋ ነው። ቁስል መመረዝ፣ የደም መርጋት፣ አልፎ አልፎም የነርቩ መባስ አለ። ልብና ሳንባቸው ማደንዘዣ መቻሉ፣ ካንሰሩም ሌላ ቦታ ምን ያህል እንደሄደ አስቀድሞ መታየት አለበት። ጉበታቸውና ሳንባቸው በካንሰር ተሞልቶ ከሆነ፣ ወይም ከአልጋ የማይነሱ ደካማ ከሆኑ፣ እኔም ሐሳቤን እቀይራለሁ። ያኔ ጨረሩ ሳይውል ሳያድር ይሰጥ፤ የጀርባ ቀበቶ ይታሰር፤ ሕመሙ በደንብ ይያዝ። ይህም ሕክምና ነው፤ ተስፋ መቁረጥ አይደለም።

አሁን ወደ ቤቴ ልግባ፤ ወደ ጨረር። ብዙ ሰው ጨረር ሲባል ቃጠሎ ነው የሚታየው። አልጋ ላይ ይተኛሉ፣ ቆዳቸው ላይ በቀለም ወይም በነጥብ ምልክት ይደረጋል፣ ማሽኑ ይዞራል፣ በደቂቃዎች ያልቃል። አያምም። ምልክቱን ፈትገው እንዳያጠፉት ብቻ። ስምንተኛው አከርካሪ ፊት ለፊት የምግብ ቧንቧ ስለሚያልፍ በሁለተኛው ሳምንት ሲውጡ ሊያቃጥላቸው ይችላል። አጥሚት፣ ሾርባ፣ ቀዝቀዝ ያለ ፈሰስ ሽሮ ይሻላል፤ በርበሬውን ለጊዜው ተዉት።

ስንት ቀን? ይህ ራሱን የቻለ ክርክር ነው። ከቀዶ ጥገና በኋላ የተለመደው 30 ግሬይ (ግሬይ የጨረር መጠን መለኪያ ነው) በ10 ቀን ተከፍሎ ነው። ቀዶ ጥገና የማይችሉ፣ ዕድሜያቸው በወራት የሚቆጠር ሰዎች ላይ ግን አንድ ቀን ብቻ 8 ግሬይ መስጠትም ይቻላል። በብሪታኒያና በአውስትራሊያ 686 ሰዎች ላይ ተሞክሮ እ.ኤ.አ. በ2019 በወጣው ጥናት፣ ከስምንት ሳምንት በኋላ መራመድ የቻሉት በአንድ ቀኑ 69 በመቶ፣ ጨረሩ በአምስት ቀን ተከፍሎ ከተሰጣቸው 73 በመቶ ገደማ ነበሩ። በስሌት ጥብቅ ሕግ «እኩል ናቸው» ለማለት ትንሽ ጎድሎታል። ግን ከክፍለ ሀገር በአምቡላንስ ለሚመጣ ሰው ተጨማሪ አራት ቀን መመላለስ ምን ማለት እንደሆነ የሚያውቅ ሐኪም ይህን ልዩነት ሚዛን ላይ አስቀምጦ ነው የሚያየው። ለሕመም ብቻ ሲሆን የአንድ ቀኑ ጨረር ከብዙ ቀኑ አያንስም፤ በኋላ ድጋሚ ጨረር የሚያስፈልገው ሰው ግን ይበዛል። ከ100 ሰው 20 ያህሉ ይመለሳል፤ በብዙ ቀኑ 8 ያህሉ።

አሜሪካ ስላለሽ ስለ «ስቴሪዮታክቲክ» ጨረር ሳትሰሚ አትቀሪም። ነርቩን እየዘለለ አጥንቱ ላይ ብቻ ከባድ መጠን የሚያወርድ፣ በአንድ ወይም በሁለት ቀን የሚያልቅ ነው። ጥሩ መሣሪያ ነው። አንድ የካናዳና የአውስትራሊያ ጥናት እ.ኤ.አ. በ2021 እንዳሳየው፣ በሦስት ወር ሕመማቸው ሙሉ በሙሉ የጠፋላቸው በዚህኛው 35 በመቶ፣ በተለመደው 14 በመቶ ነበሩ። ከሁለት ዓመት በኋላ የወጣ የአሜሪካ ጥናት ደግሞ ብልጫ የለውም አለ። ስለዚህ ሻጮቹ እንደሚያወሩት አይደለም። ለእናትሽ ደግሞ አሁን ባሉበት ሁኔታ አይሆንም፤ ዕጢው ነርቩ ላይ ተኝቷል፣ አጥንቱም ደቋል። ከባድ መጠን አጥንቱን ራሱ ያደክመዋል። ከቀዶ ጥገናው በኋላ፣ ነርቩ ነፃ ከወጣ፣ ያኔ ይታሰባል። በዚህ ምክንያት ብቻ ግን ውጭ አገር አትሂዱ። ተራው ጨረር ሥራውን ይሠራል።

አንድ ነገር አስጠንቅቂያቸው። ጨረር ከጀመሩ በኋላ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ሕመሙ ሊብስ ይችላል። ከሦስት ሰው አንዱ ላይ ይታያል። «ጨረሩ ጎዳኝ» ብለው የሚያቆሙ አሉ። ያልፋል። እፎይታው ከሁለት እስከ አራት ሳምንት ይፈጃል፤ እስከዚያ ማስታገሻው አይቋረጥ። ሞርፊን ከታዘዘ ይውሰዱ። ሱስ ይሆንባቸዋል የሚለውን ፍርሃት ጎረቤት ነው የሚያወራው። ሞርፊን የሚያመጣው ችግር የሆድ ድርቀት ነው፤ ከመጀመሪያው ቀን ማለስለሻ አብሮ ይሰጣቸው።

አሁን አንቺ ያልጠየቅሽኝን ልጠይቅሽ። ከአከርካሪያቸው ናሙና ተወስዷል? ደብዳቤሽ ላይ አላየሁም። እኛ አገር ይህን መዝለል አደገኛ ነው። ቲቢ አከርካሪን ይበላል፤ ያደቃል፤ ያጎብጣል፤ እግር ይይዛል። ከፎቶው ፍንጭ አለ። ቲቢ ብዙ ጊዜ በሁለት አከርካሪ መካከል ያለውን ዲስክ አበላሽቶ ሁለቱን አጎራባቾች ይይዛል። ካንሰር ዲስኩን ትቶ አጥንቱን ነው የሚበላው። ግን ፍንጭ ፍርድ አይደለም። ካንሰር ኖሮበት የሚያውቅ ሰው ቲቢ አይዘውም ያለ የለም። የካንሰር ታሪክ አለው ተብሎ ወደ ጨረር ክፍል የተላከ፣ ናሙናው ግን ቲቢ ሆኖ የወጣ ታማሚ አይቻለሁ። በጨረር ሳይሆን በቲቢ መድኃኒት ነበር የተነሳው። ቀዶ ጥገና ከተሠራ ናሙናው እዚያው ይወሰዳል፤ ለፓቶሎጂ (ናሙና ወደሚመረመርበት ላቦራቶሪ) መላኩን ወንድምሽ በአፉ ጠይቆ ያረጋግጥ። ካንሰር ከሆነም የሆርሞን ተቀባይነቱ፣ ማለትም በሆርሞን የሚያድግ መሆን አለመሆኑ፣ እንደገና ይመርመር። የመጀመሪያው ጡት ላይ የነበረውና አሁን አጥንት ላይ ያለው አንዳንዴ ይለያያሉ። ሆርሞን ተቀባይ ከሆነና አጥንት ላይ ብቻ ከተወሰነ፣ በሆርሞን መድኃኒት ዓመታት የሚኖሩ ብዙ ሴቶች አሉ። ቀዶ ጥገናው ይገባቸዋል የምለው አንዱም ለዚህ ነው። ለሦስት ወር ኑሮ አይደለም የምንከራከረው።

ኤምአርአዩ የተነሳው መሃል ጀርባ ብቻ ከሆነ ሙሉ አከርካሪው ይነሳ። ሌላ ቦታ የተደበቀ ሁለተኛ ጭመቃ መገኘቱ ብርቅ አይደለም። እሱ ሳይታይ ብሎን ከታሰረ በኋላ ማወቅ ያሳዝናል።

ህንድን በተመለከተ። አልቃወምም፤ እዚያ ታክመው በደህና የተመለሱ አውቃለሁ። ግን እግራቸው እየከበደ ሦስት ሳምንት መጠበቅ፣ ከዚያ የማይቆም አከርካሪ ይዞ አውሮፕላን ላይ ለሰዓታት መቀመጥ፣ መንገድ ላይ መሰበርን መጋበዝ ነው። ነርቩን ማላቀቅና አጥንቱን መደገፍ አዲስ አበባ ውስጥ የሚሠራ ቀዶ ጥገና ነው። የግድ ውጭ መሄድ ከተፈለገ ቀጣዩ ሕክምና ላይ፣ ጀርባቸው ከታሰረ በኋላ ይሁን። ፕሮሰሱን አትሰርዙ፤ ግን አትጠብቁት።

ጨረሩ ላይ ወረፋ ያሳስባችኋል፤ አውቃለሁ። ከ20 ዓመት በላይ በአገሪቱ የጨረር ሕክምና የሚሰጠው ጥቁር አንበሳ ብቻ ነበር። አሁን እንደ ጅማ ባሉ ከተሞችም ማሽን ገብቷል፤ የሚፈልገው ሰው ግን አሁንም ከማሽኑ ይበልጣል። አንድ ዘዴ ልንገርሽ። የሪፈር ወረቀቱ ላይ «የጡት ካንሰር፣ ለጨረር» ተብሎ ብቻ ከተጻፈ ከሌላው ጋር ይሰለፋሉ። «የሕብለ ሰረሰር ጭመቃ፣ ድንገተኛ» ተብሎ ይጻፍ፤ እግራቸው እንዴት እንደሆነም በግልጽ ይስፈር። የጨረር ሐኪም ይህን ቃል ሲያይ ወረቀቱን ከላይ ያደርገዋል። ቀዶ ጥገናው ከተሠራ ደግሞ ቁስሉ እስኪድን ያለውን ጊዜ ለወረፋው ተጠቀሙበት፤ በቀዶ ጥገናው ማግስት ተመዝገቡ።

ድንገተኛ ክፍል ሲደርሱ ዲክሳሜታዞን ሊጀመርላቸው ይችላል። ነርቩ ላይ ያለውን እብጠት ይቀንሳል፤ ብዙውን ጊዜ በቀን 16 ሚሊግራም ገደማ ይጀመራል። አንዳንዴ በማግስቱ እግር ይፈታል፤ ሰው ዳንኩ ብሎ ወደ ቤቱ ይሄዳል። አልዳነም፤ ጊዜ ነው የተገዛው። ከፋርማሲ ገዝታችሁ ራሳችሁ አትጀምሩት። ሐኪሙ ቲቢንም ሌላውንም አስቦ ይጀምረው። ስኳር ካለባቸው ይንገሩ፤ ከፍ ያደርገዋል። ጠዋት ጠዋት፣ ምግብ ቀምሰው፣ ከጨጓራ መከላከያ ጋር ይውሰዱ። ጾመኛ ከሆኑ የንስሐ አባታቸውን አነጋግሩ፤ ለታመመ ሰው መፍቀድ የቆየ ሥርዓት ነው። ጸበልም ቢሄዱ አልከለክልም። መድኃኒቱን አቁመው ግን አይሁን፤ ዲክሳሜታዞን በአንዴ ከተቋረጠ ሰውነት ይወድቃል፤ ቀስ እየተባለ ነው የሚቀነሰው። ሰው ተሸክሞ ቁልቁለት ማውረዱም ለዚያ ጀርባ አይሆንም። ጸበሉ ቤት ይምጣላቸው።

ወጌሻው ጋ መሄዳቸው አያናድድሽ። ጀርባ ሲያም ማን ካንሰር ይላል? ከዛሬ ጀምሮ ግን ማንም እጁን እዚያ ላይ እንዳያሳርፍ። አልጋ ላይ ሲያገላብጧቸው ትከሻና ዳሌ እኩል፣ እንደ ግንድ፣ በሁለት ሰው ይዙሩ። ዕቃ አያንሱ፤ እንጀራ ምጣድ ፊት አይጎንበሱ።

ትንሽ ቆይቶ፣ ነገሩ ሲረጋጋ፣ አጥንት የሚያጠነክር መርፌም ይታዘዝላቸው ይሆናል። ከዚያ በፊት ጥርሳቸውን ይታዩ፤ የሚነቀል ካለ ቀድሞ ይነቀል። መርፌው ከተጀመረ በኋላ ጥርስ መንቀል መንጋጋን ሊጎዳ ይችላል።

አለመንገራችሁን በተመለከተ። ይህ እኛ ቤት የተለመደ ነው፤ ከፍቅር ነው የሚመጣው፤ አልፈርድባችሁም። ግን እናትሽ ጡታቸውን ያጡ፣ ኬሞ የወሰዱ ሴት ናቸው። ተመልሰው የካንሰር ሐኪም ፊት ሲቀመጡ ያልጠረጠሩ ይመስልሻል? ብዙ ጊዜ ታማሚው ያውቃል፤ ልጆቹ እንዳይጨነቁ ብሎ እሱም ይደብቃቸዋል። ቀዶ ጥገናውን ፈርመው የሚገቡት እሳቸው ናቸው፤ ለምን እንደሆነ ሳያውቁ መፈረም የለባቸውም። ሁሉንም በአንድ ቀን አትጫኑባቸው። ወንድምሽ ሐኪሙን አስቀድሞ ያነጋግረው። ሐኪሙም «ምን ያህል ማወቅ ይፈልጋሉ?» ብሎ ይጠይቃቸው። እንደ መልሳቸው ይነገራቸው። በስልክ አንቺ አትንገሪያቸው፤ ሰው አጠገባቸው ቁጭ ብሎ ይሁን።

ስለ ልጆቹ። ይህ ጨረር ከማሽን ወጥቶ አልፎ የሚሄድ ነው፤ ሰውነታቸው ውስጥ አይቀርም። ከክፍሉ ሲወጡ እንደማንም ሰው ናቸው። በአንድ ዕቃ ይብሉ፣ ይቀፏቸው፣ ማታም አጠገባቸው ይተኙ። ጀርባቸው ላይ እንዳይወጡ ብቻ ከግድግዳው በኩል አስተኟቸው።